ሞተር ስንቆጥር

በ1977 ዓ.ም. አምስት ኪሎ፣ ቴክኖሎጂ ፋኩልቲ ተማሪ ሳለሁ ከዶርም ጓደኞቼ ጋር አንድ ጨዋታ ነበረን። አውሮፕላን በላያችን ሲያልፍ ቀና ሳንል፣ በድምፁ ብቻ፣ ስንት ሞተር እንዳለው እንገምታለን። የተሸነፈ ሻይ ይጋብዛል። ያን ዓመት ሰማዩ ሥራ በዝቶበት ስለነበር ሻይ አልጎደለብንም።

የእኛ ትውልድ ለአራት ሞተር ያደላ ነበር። የኢትዮጵያ አየር መንገድ መጋቢት 30 ቀን 1938 ዓ.ም. በአሥመራ በኩል ወደ ካይሮ የመጀመሪያ በረራውን ያደረገው በባለሁለት ሞተሩ ሲ-47 ነው። ዳኮታ የምንለው ማለት ነው፤ ሣር ሜዳ ላይ አርፎ ሰውም ዕቃም ጭኖ የሚነሣ ታታሪ። በኋላ ባለአራት ሞተሩ ዲሲ-6ቢ መጣ፤ በ1955 ደግሞ ባለአራት ጄቱ ቦይንግ 720 ተከተለ። የልደታ ሜዳ ለጄት ስለማይበቃ ቦሌ ተሠራ። እንግዲህ ለእኛ አራት ማለት ዕድገት፣ ሁለት ማለት የድሮ ነበር።

አንድ መምህራችን ይህን ሐሳብ በጠመኔ አቃኑልን። “ደመወዛችሁ በግማሽ ቢቀነስ፣ የቤት ኪራዩና አስቤዛው ግን ባለበት ቢቆይ፣ የሚጎዳው ምንድን ነው?” አሉን። ቁጠባው ነዋ! የሞተር ግፊት ደመወዝ ነው፤ የአየሩ መጎተት ወጪ ነው፤ ወደ ላይ የመውጣት አቅም የሚገኘው ከተረፈው ነው። ስለዚህ ባለሁለት ሞተር አንዱ ሲጠፋበት ግፊቱ በግማሽ ቢቀንስም የመውጣት አቅሙ ከግማሽ በላይ ይቀንሳል። በዚያ ላይ አፍንጫው ወደ ሞተው ሞተር ይዞራል፤ አብራሪው በእግሩ መሪ ታግሎ ያቀናዋል። ባለአራት ሞተሩ ግን አንድ ቢጠፋበት የሚያጣው ከግፊቱ ሩቡን ነው። አዲስ አበባ ላይ አየሩ ከባሕር ጠረፍ ይልቅ በአንድ አምስተኛ ያህል ስለሚሳሳ ሂሳቡ ይበልጥ ይጠብቃል።

ታዲያ ሁለት ሞተር ለምን ተመረጠ? ያነሰ ነዳጅ፣ ያነሰ ጥገና ስለሚጠይቅ ነው። ግንቦት 24 ቀን 1976 ዓ.ም. ባለሁለት ሞተሩ የአየር መንገዳችን ቦይንግ 767 ከዋሽንግተን ተነሥቶ ያለማረፍ አዲስ አበባ ገባ፤ ከ12,000 ኪሎ ሜትር በላይ ነው። ከእ.ኤ.አ. 1953 ጀምሮ የአሜሪካ ደንብ ባለሁለት ሞተር የመንገደኞች አውሮፕላን ከአንድ ማረፊያ ከ60 ደቂቃ በላይ እንዳይርቅ ይከለክል ነበር። የጄት ሞተር አስተማማኝነት በተግባር ሲረጋገጥ፣ በእ.ኤ.አ. 1985፣ እስከ 120 ደቂቃ ተፈቀደ። እኛም አራት ሞተር ማዕረግ አለመሆኑን ተረዳን፤ የሞተር ቁጥር የሚወሰነው በሥራው ነው።

ሥራው ምን እንደሆነ ያሳየን ግን ረሃቡ ነው። ከጥቅምት 1977 መጨረሻ ጀምሮ የእንግሊዝ አየር ኃይል ባለአራት ሞተር ሄርኩለሶች እህል ያመላልሱ ነበር። የጀርመኖቹ ትራንሳል ባለሁለት ሞተር ነው፤ ሆኖም አንዱ ሞተሩ ከአንዱ የሄርኩለስ ሞተር በጉልበት ይበልጣል። ሁለቱም ክንፋቸው ከላይ፣ በራቸው ከኋላ ነው፤ ሜዳ በሌለበት ደጋ ዝቅ ብለው እየበረሩ ጆንያ ይጥላሉ። መጣያውን ቀድመው የሚያዩት የፖላንዶቹ ባለሁለት ሞተር ሚ-8 ሄሊኮፕተሮች ነበሩ።

ሌላም ባለአራት ሞተር ነበረ፤ የሶቪየት አንቶኖቭ-12። ከሩቅ ሲያዩት የሄርኩለስ ወንድም ይመስላል። ከሰሜን ወደ ሠፈራ ጣቢያ ሰው ይጭን ነበር። የጭነት ክፍሉ እንደ መንገደኛ አውሮፕላን የአየር ግፊቱ የተጠበቀ አልነበረም፤ ሰው ሊጫንበት የታሰበ አይደለማ።

በዚያው ዓመት ተማሪና መምህር ለሠፋሪዎች ጎጆ ሥራ ሲዘምት እኔ ጋምቤላ ደረሰኝ። እዚያ ከመቀሌ በአንቶኖቭ የመጡ አንድ አዛውንት አገኘሁ። ጆሯቸው ከበረራው ወዲህ አልድን ብሏቸዋል። “አባባ፣ እሱ እኮ አራት ሞተር ያለው ጠንካራ አውሮፕላን ነው” አልኳቸው። ለማጽናናት ይሁን እውቀቴን ለማሳየት እንጃ። ትክ ብለው አዩኝና፣ “ልጄ፣ ሞተሩን ቆጥራችኋል። እኛንስ የቆጠረን አለ? ከቤት ስንወጣ ስድስት ነበርን፤ እዚህ የደረስነው አራት ነን። ሁለቱ ልጆች በሌላኛው ተጫኑ፤ የት እንዳወረዷቸው የሚነግረኝ አጣሁ” አሉ።

የሁለቱን ልጆች ስም ከደብተሬ የመጨረሻ ገጽ ላይ ጻፍኩ፤ እጠይቅልዎታለሁም አልኩ። እዚያው አንድ ጊዜ ጠየቅሁ፣ ዝርዝር የለም ተባልኩ። አዲስ አበባ ስመለስ ግን ፈተናው ደረሰ፣ ምረቃው ተከተለ፣ ሥራ ያዝኩ። ዳግመኛ አልጠየቅሁም። ጨዋታችንንም ተውነው።

ደብተሩ ዛሬም እኔ ጋ አለ። የምሕንድስና መምህራን ሆይ፣ ስለ ሄርኩለስና አንቶኖቭ ስታስተምሩ ምን ጭነው እንደነበርም ለተማሪዎቻችሁ ንገሯቸው። ጋምቤላና መተከል የዘመታችሁ ጓደኞቼም፣ እንደ እኔ ስም የጻፋችሁ አትጠፉምና ደብተራችሁን ፈልጉት፤ ለሚቀጥለው ስብሰባችን ይዛችሁ ኑ። ስሞቹን እናስተያያቸው።