ከአባይ ቆላ እስከ ጋጫው

ጆሮ ለሰጠኝ ሁሉ፣ ቡናው እስኪፈላ የዕጣንን ነገር ላውጋ። ወጌ ከመካነ ሰላም ከተማ አይነሳም። የሚነሳው ከከተማዋ ወዲያ፣ የወሎ ቦረና ደጋ ድንገት ተገምሶ ወደ አባይ ከሚወርድበት ገደል ነው። ከላይ ብርድ ነው፤ ሰው ጋቢውን ተከናንቦ ገብሱን ያጭዳል፣ ደንቆሮ ጫካ አስታውን ለብሶ ጉም ይጠጣል። ቁልቁል ሲወረድ መጀመሪያ ጋቢው ይወልቃል፣ ቀጥሎ ኮቱ። ከባሕር ጠለል በላይ ከ1,800 ሜትር ዝቅ ካሉ በኋላ ሌላ አገር ነው፤ የአባይ ሸለቆ ቆላ፣ የግራርና የዕጣን ዛፍ አገር።

የዕጣን ዛፍ ሌላው ዛፍ እንቢ ያለውን ቦታ ይወዳል። አፈሩ የተሸረሸረ ዳገት፣ ዐለት ለዐለት፣ እዚያ ነው ሥሩን የሚሰደው። በበጋ ቅጠሉን አራግፎ ይቆማል፤ ቅርፊቱም እንደ ወረቀት እየተላጠ በነፋስ ይርገበገባል። ላላወቀው የሞተ ይመስላል። ያን ጊዜ ነው ለቃሚው የሚመጣው።

ጥቅምት ሲጠባ፣ ዝናቡ ሲያበቃ፣ ለቃሚው ሚንጋፍ የሚባለውን አጭር መፋቂያ ይዞ ከዛፉ ሥር ይቆማል። መጥረቢያ አያነሳም። ከጉልበቱ ከፍ ብሎ ጥፍር የምታህል ቦታ መርጦ ቅርፊቱን ስስ አድርጎ ይፍቃል። እንጨቱን ከነካ ዛፉን ጎዳው፤ ካልደፈረ ደግሞ ምንም አያገኝ። ልኩን የሚያውቀው እጁ ነው። ወዲያው ነጭ ወተት ብቅ ይላል፣ ይንጠባጠባል፣ ከፋቁት ቦታ በታች ተንጠልጥሎ ይረጋል። ከሁለት ወይም ከሦስት ሳምንት በኋላ ሰውየው ተመልሶ የደረቀውን ይለቅምና ያንኑ ቁስል ጥቂት ያሰፋዋል። የመጀመሪያው ዙር ብዙም አይሰጥ፤ ሙጫው የሚበረክተው በኋላ ነው። እንዲህ እየተመላለሰ እስከ ግንቦት ድረስ ከ8 እስከ 12 ጊዜ ይፍቃል። በዚያ ሐሩር፣ ውሃ ከሩቅ እየቀዳ፣ ቆላ አድሮ የሚሠራ ሥራ ነው። ዕጣን በገዛን ቁጥር ያን ሰው ብናስበው አይበዛበትም።

ከለቀማው ቀጥሎ ዕጣኑ ሴቶች እጅ ይገባል። መጋዘን ውስጥ ቁጭ ብለው በጣታቸው ይለዩታል፤ ትልቁና ነጩ ለብቻ፣ ደቃቁ ለብቻ፣ ጠቆር ያለው ለብቻ፣ ቅርፊት የያዘው ለብቻ። ከዚህ ላይ አንድ ነገር ላርም፤ በንግዱ ዓለም «የቦረና ዕጣን» የሚባለው የኛው የወሎ ቦረና አይደለም። ያ ከደቡብ፣ ከኦሮሚያው ቦረና ቆላ የሚመጣ፣ ከሌላ ዓይነት ዛፍ የሚገኝ ጠቆር ያለ ሙጫ ነው።

አሁን ወደ መካነ ሰላም እንመለስ፤ እቤት እንግባ። ቄጤማው ተጎዝጉዟል፣ ረከቦቱ ተዘርግቷል፣ ፍሙ ከምድጃው ተጭሮ ወደ ዕጣን ማጨሻው፣ ወደ ጋጫው ገብቷል። የቤቱ እናት ዕጣኑን ከቋጠሮዋ ታወጣለች። ዝም ብላ አትበትንም። ፍሙ ገና ሲንቀለቀል ብትጨምረው ዕጣኑ ይቃጠልና ጢሱ ይከነክናል። አመድ ሸፈን ሲያደርገው ቆንጥራ ጣል ታደርጋለች፤ ለአቦል ነጩን፣ ለቶናና ለበረካው ከርቤ ወይም ሰንደል ልትቀላቅል ትችላለች። ለአራስ ቤት ደግሞ ሌላ ነው፤ ቀበርቾው ይመጣል። ምች መታው ለተባለ ወገርቱ ይጨሳል። የወተቱ ዕቃ በወይራ ይታጠናል፣ ሴቶች ወይባ ይሞቃሉ። ይህን ሁሉ ማን ጻፈላት? ከእናቷ ጎን ተቀምጣ አየች፣ አሸተተች፣ ያዘች። እኔ ይህን ትልቅ ዕውቀት እለዋለሁ፤ ትልቅ ስለሆነም ነው ዛሬ የማወጋው።

የዚህ አገር ጢስ ሃይማኖት አይለይም። ወዳጃ ተቀምጠው ዱአ የሚያደርጉት አባቶችና እናቶች ፊት ዕጣኑ ይጨሳል፤ በዚያው ገበያ፣ ከዚያው ነጋዴ የተገዛው ዕጣን ሌሊት በቤተ ክርስቲያን ይታጠናል። በ14ኛው መጨረሻና በ15ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ የኖሩት አባ ጊዮርጊስ ዘጋስጫ የዚህ የቦረና ምድር ሰው ናቸው፤ መጽሐፈ ሰዓታትን የደረሱ። ሰዓታቱ በሌሊት ሲቆም ካህኑ ጽናውን ይዞ ያጥናል፣ ሻኩራው ይሰማል። ወደ ሳይንት ቢኬድ ተድባበ ማርያም አለች፤ ትውፊቱ መሥዋዕተ ኦሪት ይሠዋባቸው ከነበሩት ቦታዎች አንዷ ናት ይላል። በኦሪት ዘፀአት ምዕራፍ 30 ላይ ደግሞ ዕጣን ከሌሎች ሽቱዎች ጋር በእኩል ሚዛን ተቀምሞ እንዲቀርብ፣ ያንኑ ቅመም ግን ማንም ለራሱ እንዳያበጅ ታዟል። ቅመማው ያኔም የባለሙያ ሥራ ነበር።

እንግዲህ ጥቂት ልራቅ፤ ባሕር ተሻግሬ ጃፓን ልግባ። አዋጂ የምትባል ደሴት አለች። በ720 የተጻፈው ኒሆን ሾኪ የሚባለው የጃፓን ዜና መዋዕል የሚለው ይህን ነው፤ በ595 አንድ ግንድ በማዕበል ተገፍቶ ከደሴቲቱ ዳር ደረሰ። የደሴቲቱ ሰዎች ምንነቱን ሳያውቁ ከማገዶ ጋር ማገዱት። ጢሱ ከሩቅ አወደ። ደንግጠው ግንዱን ለቤተ መንግሥት ሰጡ። እዚህም ወደ ፊትም የምጠራቸው ዓመታት ሁሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው። በዚያችው ደሴት፣ ኤይ በምትባል የባሕር ዳር መንደር፣ ከ1850 ጀምሮ የዕጣን ዘንግ ይሠራል፤ ዛሬ ከጃፓን የዕጣን ዘንግ ከመቶ 70 ያህሉ ከአዋጂ ይወጣል።

እዚያ እንግዳ ሲመጣ ዕጣን ገዝቶ ብቻ አይሄድም። ያስቀምጡታል። የሰንደል እንጨት ዱቄት፣ ቅርንፉድ፣ ቀረፋ በየሳህኑ ያቀርቡለታል። እንግዳው ያሸታል፣ ይመርጣል፣ ይመጥናል። ታቡ የሚባል ዛፍ የቅርፊት ዱቄት ይጨመራል፤ ውሃ ሲነካው ሙጫ ሆኖ ሁሉንም ያያይዘዋል። ሊጡን በመዳፉ ያሻል፣ በጣቱ ሾጠጥ ያደርገዋል ወይም በቅርጽ ማውጫ ይቆርጠዋል። የሚደርቀው በፀሐይ አይደለም፤ ፀሐይ ካገኘው ይሰነጠቃል። ጥላ ሥር ቀስ ብሎ ነው፤ እንግዳው እርጥቡን ጠቅልሎ ይዞ ቤቱ ያደርቀዋል።

ልብ በሉልኝ። የሰንደሉ እንጨት ከህንድ ይሄድላቸዋል፣ ሌላው ውድ እንጨት ከቬትናምና ከኢንዶኔዥያ፣ ዕጣኑም ከአፍሪካ ቀንድና ከዓረብ አገር። ዛፉ የላቸውም። እጁን ግን አከበሩት፣ ወንበር ሰጡት፣ ከሩቅ የመጣ ሰው አጠገቡ ቁጭ ብሎ እንዲማር አደረጉ። እኛ ዘንድ ዛፉ ቆላ አለ፣ እጁ በየቤቱ አለ፤ በየሱቁ የሚሸጠው የሰንደል ዘንግ ግን ብዙው ከህንድ የመጣ ነው።

ከደሴ በአቀስታ መጥቶ፣ በመካነ ሰላም አልፎ፣ አባይን ተሻግሮ ጉንደወይን የሚወጣው መንገድ እንግዳ ያመጣል። ያ እንግዳ መካነ ሰላም ላይ ሻይ ጠጥቶ ብቻ ለምን ይለፍ? አንዲት ባለሙያ እናት ፊት ይቀመጥ። ሰፌዱ ይቅረብለት፣ ሙቀጫና ዘነዘናው ይሰጠው። ዕጣኑን ብቻውን ቢወቅጠው ይሞቅና ከዘነዘናው ጋር ይጣበቃል፤ እናቲቱ ቀስ እያልክ፣ ጥቂት ጥቂቱን በል ትለዋለች። ጥድ ይጨምር፣ ወይራ ይጨምር፣ ቀበርቾውን ግን በጥቂቱ። ለማያያዣ ታቡ አያስፈልገንም፤ የግራር ሙጫ በውሃ ቢሟሟ ያንኑ ሥራ ይሠራል፣ ግራሩም ከዕጣኑ ዛፍ ጋር አንድ ቆላ ነው የሚያድረው። አቦሉ እየፈላ ሊጡ ይታሻል፤ በረካው ሲቀዳ እንግዳው የእጁን ሥራ በቅጠል ጠቅልሎ ይነሳል። ዋጋው ለእናቲቱ ይከፈላል፣ ለሙያዋ።

ግን ወዳጆቼ፣ ዛፉ እያለቀ ነው፤ ይህን ሳልናገር ብነሳ ወጌ ጎዶሎ ነው። በ2019 ፍራንስ ቦንገርስ የተባሉ የኔዘርላንድስ ተመራማሪ ከኢትዮጵያውያንና ከሌሎች ባልደረቦቻቸው ጋር በኢትዮጵያ፣ በኤርትራና በሱዳን ያለውን የዕጣን ዛፍ አጥንተው፣ ምርቱ በ20 ዓመት ውስጥ በግማሽ ሊወርድ እንደሚችል ጽፈዋል። አሮጌዎቹ ዛፎች ቆመዋል፣ ከሥራቸው ግን ልጅ የለም። የበቀለውን ከብት ይግጠዋል፣ ከከብት የተረፈውን ሰደድ እሳት ይበላዋል። ዘሩም ራሱ ደክሟል፤ በ2006 የወጣ አንድ የኤርትራ ጥናት ካልተፋቁ ዛፎች ከተገኘው ዘር ከመቶ 80 በላይ ሲበቅል፣ ያለ ዕረፍት ከተፋቁት የበቀለው ከመቶ 16 እንኳ እንዳልሞላ አሳይቷል። ዛፉ ጉልበቱን ሁሉ በሙጫው ሰጥቶናል፤ ለዘሩ የሚተርፈው የለም።

ስለዚህ እንግዳውን ከሙቀጫው አስቀድመን ወደ ቆላው እናውርደው። የተፋቀውንና ያረፈውን ዛፍ ጎን ለጎን ይይ፣ ቁስሉን በጣቱ ይዳስስ። ከሚከፍለው ላይ ድርሻ ይውጣና ከዳገቱ አንዱ ጥግ ይከለል፤ ከብት አይግባበት፣ እሳት አይድረስበት፣ ዛፎቹ ለጥቂት ዓመታት ሚንጋፍ አይንካቸው። ጠባቂውም ከዚያው ቆላ፣ ከለቃሚዎቹ መካከል ይመረጥ፣ ደመወዙን ከወር ወር ያግኝ። ዛፉን ከነሱ የተሻለ የሚያውቀው የለም።