የማሃራሽትራ አውቶቡስ አጣቢዎች ክርክር

በምዕራብ ሕንድ፣ በዛሬዋ ማሃራሽትራ፣ የመጀመሪያው የመንግሥት አውቶቡስ ከፑኔ ወደ አሕመድናጋር የተጓዘው በጁን 1 ቀን 1948 ነው (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። አገልግሎቱ እየሰፋ ሄዶ ገጠሩን ከከተማ የሚያገናኝ ግዙፍ ኮርፖሬሽን ሆነ። በ1980 እና በ1985 መካከል ይኸው ኮርፖሬሽን አውቶቡሶቹን የሚያጥቡና የሚጠርጉ ሰዎችን በጊዜያዊነት ቀጠረ። አውቶቡስ ዛሬ ታጥቦ ነገ ይቆሽሻልና ሥራው የሚያልቅ አልነበረም። ጊዜያዊ የተባለው ሠራተኛው ብቻ ነው።

አጣቢዎቹ ቋሚነትን ለመጠየቅ ወደ ኢንዱስትሪ ፍርድ ቤት ሲሄዱ የያዙት ሕግ የግዛቲቱ የ1971 የሠራተኛ ማኅበራት ዕውቅናና ኢፍትሐዊ የሥራ ድርጊቶች መከላከያ ሕግ ነበር። በአራተኛው ሠንጠረዡ ተራ ቁጥር 6 ላይ፣ ሠራተኞችን የቋሚ ሠራተኛ መብትና ጥቅም ለመንፈግ በማሰብ በምትክነት ወይም በጊዜያዊነት ቀጥሮ ለዓመታት በዚያው ማቆየት ኢፍትሐዊ ድርጊት ተብሏል። «በማሰብ» የምትለዋ ሁኔታ ለአሠሪ የተተወች ማምለጫ ትመስላለች፤ የአለቃን ሐሳብ ማን በማስረጃ ያሳያል? በ1990ዎቹ አጋማሽ ጉዳዩ በጫካ ልማት ሠራተኞች ክስ ሲነሣ የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ቀዳዳውን አጠበበው፦ ሰውን አምስትና ስድስት ዓመት በጊዜያዊነት ማቆየቱ ራሱ ሐሳቡን ያሳያል አለ።

የኢንዱስትሪ ፍርድ ቤቱ ለአጣቢዎቹ ፈረደ። ኮርፖሬሽኑ ክርክሩን እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ገፋው። በዚህ መሐል ግን ሕጉን የሚያናውጥ ነገር መጣ። በኤፕሪል 10 ቀን 2006 አምስት ዳኞች የተሰየሙበት የጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ሕገ መንግሥታዊ ችሎት፣ ኡማዴቪ በተባለው የካርናታካ ግዛት ጉዳይ፣ ያለ ውድድር በጓሮ በር የገባ የቀን ሠራተኛ ረጅም ጊዜ ስላገለገለ ብቻ ፍርድ ቤት ቋሚ ሊያደርገው አይገባም ሲል ወሰነ። ምክንያቱ ቀላል የሚባል አይደለም። ማስታወቂያ ጠብቆ ሊወዳደር የሚችለው ሥራ ፈላጊም በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 14 እና 16 የእኩልነት መብት አለው። ችሎቱ የለያቸው፣ በተፈቀደ መደብ ላይ ያለ ፍርድ ቤት ትእዛዝ አሥር ዓመትና ከዚያ በላይ የሠሩትን ነው፤ መንግሥት ለእነዚህ የአንድ ጊዜ መፍትሔ እንዲያበጅ አዘዘ። ከዚያ በኋላ ኡማዴቪ በየመሥሪያ ቤቱ ጠበቆች አፍ ውስጥ ገባ። ለቋሚነት የቀረበ ክስ ሁሉ መመለሻው ይኸው ሆነ።

ኮርፖሬሽኑም የተመረኮዘው በዚሁ ነው። ካስትራይብ ከተባለው የትራንስፖርት ሠራተኞች ማኅበር ጋር ያደረገው ክርክር በኦገስት 28 ቀን 2009 ሲወሰን፣ ዳኞቹ ታሩን ቻተርጂና አር. ኤም. ሎዳ የኡማዴቪን ፍርድ ሳይነኩ አጣቢዎቹን ከሥሩ አወጧቸው። በአመክንዮአቸው መሠረት፣ ኡማዴቪ የተናገረው ከፍተኛ ፍርድ ቤቶች ሕገ መንግሥቱን ይዘው በሚሰጡት ትእዛዝ ላይ ነው፤ የኢንዱስትሪ ፍርድ ቤት ግን ሥልጣኑን ያገኘው ከሠራተኛ ሕጉ ነው። ኢፍትሐዊ ድርጊት ከተረጋገጠና የሥራ መደቡ ካለ፣ ቋሚ ይሁኑ ብሎ ማዘዝ ይችላል። የአጽጂነቱ መደብ ነበር። የኮርፖሬሽኑ ይግባኝ ወደቀ።

በእኔ ግምት አጣቢዎቹን ያዳናቸው የሰጡት አገልግሎት ርዝመት ሳይሆን የገቡበት ደጅ ነው። የካርናታካዎቹ የሕገ መንግሥት እኩልነትን ጠርተው ከፍተኛ ፍርድ ቤት ሄዱ፤ እኩልነቱ በራሳቸው ላይ ተመለሰባቸው። እነዚህ ግን የአሠሪውን ጥፋት ከሰሱ። ጥፋተኛ አሠሪ ደግሞ «ደንቡን ያልጠበቀ ቅጥር ነው» ብሎ በራሱ ጥፋት ሊጠቀም አይችልም።

ድሉ ወሰን ነበረው። ፍርድ ቤት የሌለ መደብ አይፈጥርም። በ2014 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የሕንድ ምግብ ኮርፖሬሽን ሁለት የቀን ሠራተኞችን ጉዳይ ሲያይ የ2009ኙን ፍርድ ከሌሎች ጋር አስታረቀ፦ የሠራተኛ ፍርድ ቤቱ ሥልጣን ሰፊ ነው፤ ሆኖም መደብ በሌለበት፣ ወይም ሠራተኛው አቻዎቹ ቋሚ ሲሆኑ እርሱ ብቻ መገለሉን ካላሳየ፣ ረጅም አገልግሎት ብቻውን አይበቃም። አንደኛው ሠራተኛ መሰሎቹ በመሥሪያ ቤቱ መመሪያ ቋሚ ሆነው ነበርና ወደ ሥራው እንዲመለስ ተፈረደለት። ሌላው መመሪያው አልደረሰለትም፤ አልተመለሰም።