የዘራችንን ስም ማን አወጣው? ዝርያ የመለየት ታሪክና የእኛ ድርሻ

ዛሬ ስለ ማዳበሪያና ስለ አረም አላወራችሁም። ዛሬ ታሪክ ነው። ግን ተረት ነው ብላችሁ እንዳታልፉት፤ መጨረሻው ጎተራችሁ ድረስ ይመጣል።

ነገሩን ያስነሳችብኝ አንዲት እናት ናት። ባለፈው ዓመት ከመካነ ሰላም ወደ ቆላው ወርጄ ማሽላ ማሳቸው ላይ አገኘኋቸው። «እማማ፣ ይሄ ምን ዓይነት ማሽላ ነው?» ስላቸው ከአንዱ ማሳ ውስጥ ሰባት ስም ቆጠሩልኝ። ይሄ ለእሸት፣ ይሄ ለእንጀራ፣ ይሄ ለጠላ፣ ይሄ ወፍ የማይደፍረው፣ ይሄ ዝናብ ቀድሞ ቢወጣም የሚደርስ እያሉ። እኔ ማስታወሻዬ ላይ የጻፍኩት ግን «ማሽላ፣ የአካባቢ ዝርያ» የሚል አንድ መስመር ብቻ ነበር። አዩኝና ሳቁ። «ልጄ፣ ሰው ስትመዘግብም ‘ሰው’ ብለህ ነው የምትጽፈው?» አሉኝ። እውነታቸውን ነው። ዲፕሎማ ይዤ አንድ ስም ስጽፍ እሳቸው ሰባት ያውቃሉ።

ዝርያን መለየት ማለት ይሄው ነው። አንዱን ከአንዱ የሚለየውን ምልክት ማወቅ፣ ስም መስጠት፣ ጠባዩን መመዝገብ። ይሄን ሥራ ሳይንቲስት አልጀመረውም፤ ገበሬው ነው የጀመረው። ሳይንቲስቱ ዘግይቶ መጥቶ ወረቀት ላይ አሰፈረው።

ጤፍ በፈረንጅ መዝገብ ላይ እንዴት ገባ?

ጄምስ ብሩስ የሚባል የስኮትላንድ ተጓዥ እ.ኤ.አ. ከ1769 ጀምሮ በጎንደር ዘመን አገራችን ነበር። ወደ አገሩ ሲመለስ ስለ ጤፍ ጽፏል፣ ሥዕሉንም አሳትሟል። በዚያው ዘመን፣ እ.ኤ.አ. በ1775፣ ዙካኚ የሚባል የፍሎረንስ የዕፅዋት ሊቅ ለጤፍ የላቲን ስም አወጣለት። በ1918 ደግሞ ትሮተር የሚባል ሌላ ጣሊያናዊ ምደባውን አስተካክሎ «ኤራግሮስቲስ ጤፍ» አለው። ዛሬ ዓለም የሚጠራው በዚህ ስም ነው።

ልብ በሉ፤ ስሙ ላቲን ቢሆንም መጨረሻው የእኛው «ጤፍ» ነው። ሁለቱም ሊቃውንት ከገበሬው አፍ የወጣውን ቃል ሊተዉት አልቻሉም።

በበቅሎ የመጣው ሩሲያዊ

እ.ኤ.አ. በ1927 መጀመሪያ፣ በእኛ 1919 ዓ.ም. መሆኑ ነው፣ ኒኮላይ ቫቪሎቭ የሚባል ሩሲያዊ በጅቡቲ በኩል ገባ። አዲስ አበባ ላይ አልጋ ወራሽ ራስ ተፈሪን አግኝቶ አነጋገራቸው። ከዚያ በኋላ በቅሎ ጭኖ ወደ ሰሜን ተጓዘና በኤርትራ በኩል ወጣ። በየመንገዱ የሚሠራው አንድ ሥራ ነበር፤ ከማሳ፣ ከገበያና ከጎተራ እፍኝ እፍኝ ዘር እየለመነ ከረጢት ውስጥ ይከታል፣ ስምና ቦታ ይጽፍበታል። ከ6,000 በላይ ናሙና ይዞ ሄደ።

ሰውየውን ያስገረመው የስንዴያችንና የገብሳችን ዓይነት ብዛት ነው። ነጩ፣ ጥቁሩ፣ ሐምራዊው፣ ጢም ያለው፣ ጢም የሌለው፣ ሁሉም አንድ ማሳ ላይ ተቀላቅሎ ይበቅላል። ለማካሮኒ የሚሆነው ጠንካራ ስንዴ (ዱረም የሚባለው) ያለ ጢም ሲበቅል እዚህ አገር ማየቱ ለእሱ ትልቅ ግኝት ነበር። ኢትዮጵያንም የዓለም ሰብሎች ከተነሱባቸው ጥቂት ማዕከላት አንዷ አድርጎ መዘገባት።

የቫቪሎቭ መጨረሻ ያሳዝናል። በአገሩ በስታሊን ዘመን በ1940 ታሰረ፤ በ1943 ጥር ወር ሳራቶቭ እስር ቤት ውስጥ ሞተ። ዓለምን በእህል ለማጥገብ የሮጠ ሰው እስር ቤት ውስጥ በረሃብ ተጎሳቁሎ ነው የሞተው። በዚያው ዘመን የጀርመን ጦር ሌኒንግራድን ከቦ ነበር። የዘር ማከማቻው ሠራተኞች ሩዝና ስንዴ በከረጢት ከበባቸው፣ ዘሩን አንነካም ብለው በርካቶቹ በረሃብ አለቁ። ዘር መብላት ምን ማለት እንደሆነ ለወሎ ሰው ማስረዳት አያስፈልገኝም።

የወሎ ማሽላ ለዓለም ያሳየው

አሁን ወደ ራሳችን ልመለስ። አሜሪካ ውስጥ ፐርዱ በሚባል ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች አንድ ችግር ይዘው ነበር። ማሽላ ያጠግባል፤ ግን ሰውነት የሚፈልገው ላይሲን የሚባል የፕሮቲን ክፍል ያንሰዋል። ማሽላ ብቻ የሚበላ ሕፃን ሆዱ እየሞላ ሰውነቱ የሚጎዳው አንዱ በዚህ ነው። (እንጀራን በሽሮ መብላታችን ይሄንን ጉድለት ያካክሳል፤ እናቶቻችን ሳይማሩ ያወቁት ነው።)

ተመራማሪዎቹ ከዓለም ዙሪያ ከተሰበሰበ የማሽላ ዘር 9,000 ገደማ አንድ በአንድ መረመሩ። ላይሲኑ እጅግ ከፍ ብሎ የተገኘው ሁለት ላይ ብቻ ነበር። ሁለቱም የኢትዮጵያ፣ ሁለቱም የወሎ! ሲንግና አክስቴል የሚባሉት ሊቃውንት ይሄን በ1973 አሳተሙ። ፍሬው ሲደርቅ ጭምድድ ይላል፤ ምርቱም ከሌላው ያንሳል። ገበሬው ግን ከሌላው ማሽላ ጋር ሰብጥሮ እየዘራ በእሸትነቱ ጠብሶ ይበላዋል።

የኢትዮጵያ ተመራማሪዎች ወርደው አገሬው እንዲህ ያለውን ማሽላ ምን ብሎ እንደሚጠራው ጠየቁ። ስሞቹ «ወተት በጉንጬ» እና «ማርጩቄ» ሆነው ተገኙ።

እስቲ አስቡት። ያን ሁሉ ዘር ለመመርመር ስንት ወጪ፣ ስንት መሣሪያ፣ ስንት ዓመት ፈጀ። ወሎዬ ግን ከዘመናት በፊት ቀምሶ «ይሄ እንደ ወተት ነው» ብሎ ስም አውጥቶለታል። ስሙ ራሱ የምርመራ ውጤት ነበር።

እኒያን እናት «ወተት በጉንጬ አለዎት?» ብዬ ጠየቅኳቸው። «የእናቴ ነበር። ከሰባ ሰባት ወዲህ አላየሁትም» አሉኝ።

ሰባ ሰባትና የዘር ባንክ

የሰባ ሰባቱ ድርቅ ሰውና ከብት ብቻ አይደለም የወሰደው። ሰው ሲርበው ዘሩን ይበላል፤ ዘሩ ሲበላ ስሙም ይጠፋል። እንደ ዕድል ሆኖ በእ.ኤ.አ. 1976 አዲስ አበባ ላይ የዘር ባንክ ተቋቁሞ ነበር፤ ዛሬ የኢትዮጵያ ብዝኃ ሕይወት ኢንስቲትዩት ሥር ነው። ከ1979 ጀምሮ የመሩት ዶክተር መላኩ ወረደ ናቸው። በድርቁ ጊዜ ባለሙያዎቻቸውን ይዘው ወሎንና ሌሎች የተጎዱ አካባቢዎችን እየዞሩ፣ ሳይበላ የቀረውን ዘር ሰበሰቡ። በኋላም ዘሩን ማቀዝቀዣ ውስጥ ማስቀመጥ ብቻውን አይበቃም፣ ገበሬው ማሳ ላይ ይኑር ብለው ወደ ገበሬው መለሱት። ለዚህ ሥራቸው በ1989 «ራይት ላይቭሊሁድ» የተባለውን የዓለም ሽልማት አገኙ።

የእሳቸው ሐሳብ ትክክል ነው። ማቀዝቀዣ ውስጥ ያለ ዘር ተኝቷል። ማሳ ላይ ያለው ግን ዘንድሮ ያለውን ዋግና ዘንድሮ ያለውን ዝናብ እየተማረ ነው።

የአካባቢ ዘር ምን ያደርጋል ለምትሉ ገብሳችንን ላንሳ። ገብስን ቢጫ አድርጎ የሚያቀጭጭ የቫይረስ በሽታ ካሊፎርኒያ ላይ ማሳ ሲያጠፋ፣ መፍትሔው የተገኘው ከኢትዮጵያ ገብስ ውስጥ ነው። በሽታውን የሚቋቋመው ባሕርይ በማዳቀል ወደ እነሱ ገብስ ገባ። ከእኛ ደጋ የመጣ እፍኝ ዘር የሌላ አገር ገበሬ አዳነ።

ስም ሲሳሳት የሚመጣ ኪሳራ

የወይን አገር ሰዎች ዝርያን በቅጠሉ ቅርጽ ይለያሉ። ለዚህ ራሱን የቻለ ትምህርት አላቸው። ሆኖም እነሱም ይሳሳታሉ። ቺሊ የምትባል አገር ገበሬዎች ከፈረንሳይ ያመጡትን ወይን ከመቶ ዓመት በላይ «ሜርሎ» ነው ብለው ሲያለሙ ኖሩ። በ1994 ቡርሲኮ የሚባል ፈረንሳዊ ሊቅ ማሳው ላይ ሄዶ አበባውንና ቅጠሉን አየና፣ ብዙው «ካርሜኔር» የሚባል ሌላ ዝርያ ነው አለ። ካርሜኔር ዘግይቶ ነው የሚበስለው። ስለዚህ ስንት ዘመን ጥሬውን ሲለቅሙ ኖረዋል! ችግሩ ከወይኑም ከመሬቱም አልነበረም፣ ከስሙ ነበር። ካወቁት በኋላ ግን ጊዜውን ጠብቀው እየለቀሙ ዛሬ አገራቸው የምትታወቅበት ወይን ሆነ።

እኛም ጋ ይሄ አለ። ጆንያ ላይ ያልተጻፈ ዘር፣ ከጎረቤት የተለወጠ፣ ስሙ የተረሳ። ፈጥኖ የሚደርሰውን ከዘግይቶ ደራሹ ቀላቅለን ዘርተን፣ አጨዳ ላይ ግማሹ ሲረግፍ ግማሹ ገና እንጭጭ ነው።

የጤፍ ስም ዝርዝር፣ ቁንጮ እና የኔዘርላንዱ ጉዳይ

ታደሰ ኤባ የሚባሉ ኢትዮጵያዊ ምሁር በ1975 ባሳተሙት ጥናት 35 የጤፍ ዝርያዎችን ለይተው አስቀመጡ። መለያቸው ምን ነበር? ዛላው የተበተነ ወይስ የተሰበሰበ፣ የእንግጫው ቀለም ምን ዓይነት፣ ፍሬው ነጭ፣ ቀይ ወይስ ቡኒ፣ በስንት ቀን ይደርሳል። እናንተ በዓይን የምታዩት ነው፤ እሳቸው ጻፉት።

በዚያው ዘመን ዶክተር ታረቀ በርሄ የጤፍ አበባ ጧት አንድ ሰዓት ገደማ ለጥቂት ጊዜ ብቻ እንደሚከፈት ደረሱበት። እስከዚያ ድረስ ጤፍን በእጅ ማዳቀል አልተቻለም ነበር። ከዚያ በኋላ ሁለት ዝርያ ማጋባት ተቻለ። በ2006 የወጣችው ቁንጮ የዚህ ፍሬ ናት። አንደኛው ወላጅ ምርታማ ነው፤ ሌላው ነጭ በመሆኑ ገበያ የሚወደው። ሁለቱም ከገበሬ ማሳ ከተሰበሰበ ዘር የተመረጡ ናቸው። ስለዚህ «ምርጥ ዘር» እና «የአያት ዘር» ጠላቶች አይደሉም። የመጀመሪያው የሁለተኛው ልጅ ነው። አያቱ ከጠፋ ነገ ምን ይዳቀላል?

ያልተጻፈ ነገር ደግሞ ሌላ ሰው ይጽፈዋል። በ2005 አገራችን የጤፍ ዘር ለመጋራት ከአንድ የኔዘርላንድ ኩባንያ ጋር ውል ገባች። ኩባንያው ግን ቀደም ብሎ በጤፍ ዱቄትና ከእሱ በሚሠራ ምግብ ላይ የፈጠራ መብት ጠይቆ ነበር፤ የአውሮፓ ጽሕፈት ቤት በ2007 ሰጠው። ጤፍ ፈጭቶ መብላት «ፈጠራ» ሆነ ማለት ነው! በ2009 ኩባንያው ከሰረ፤ ውሉ ላይ ተስፋ የተደረገው ጥቅም ሳይመጣ ቀረ። የፈጠራ መብቱ ግን ወደ ሌላ ድርጅት ተላልፎ ቀጠለ። በመጨረሻ የሄግ ፍርድ ቤት በ2018 መገባደጃ ይሄ አዲስ ፈጠራ አይደለም ብሎ በኔዘርላንድ ውስጥ ሻረው። እኛም አገር አዋጅ ቁጥር 482/1998 የማኅበረሰቡን እውቀትና ዘር የሚጠብቅ ሕግ አለ። ሕግ ግን የሚጠብቀው የሚታወቅን ነገር ነው። ስሙን እኛ ራሳችን ካላወቅነው ምኑን ይጠብቅልናል?

እንግዲህ ምን እናድርግ?

እኔ የድርሻዬን ጥፋት ልናገር። ሥራ ስጀምር አንድ አባት የአያታቸውን ገብስ ትተው አዲስ ዘር እንዲዘሩ ወተወትኳቸው። አዲሱ ጥሩ ነበር፤ ምርቱም ጨመረ። ግን «ከአሮጌው ጥቂት ያስቀሩ» ማለት ረሳሁ። በዓመቱ ለሙከራ ፈልጌ ስሄድ «አንተው አይደለህ ተወው ያልከኝ? ቆሎ አደረግነው» አሉኝ። ስለዚህ አሁን የምላችሁን ራሴ ከከፈልኩበት ነው የምላችሁ።

1. አዲስ ዘር ስትዘሩ የአያት ዘራችሁን ሙሉ በሙሉ አትተዉ። በማሳችሁ ጥግ ትንሽ መደብ በየዓመቱ ይዘራ።

2. ዘር ከአውድማ ሳይሆን ከማሳ ይመረጥ። ሳይታጨድ በፊት እየዞራችሁ ጤነኛውን፣ ዛላው የሞላውን ለይታችሁ ቁረጡ። ማሽላን ከነራሱ ከምድጃ በላይ ጭስ ላይ ማንጠልጠል የአባቶቻችን ጥበብ ነው፤ ነቀዝ ይከላከላል።

3. በየጆንያው ውስጥ ወረቀት ይግባ። ስሙ፣ ከማን እንደመጣ፣ መቼ እንደተዘራና መቼ እንደደረሰ። መጻፍ ካልቻላችሁ ተማሪ ልጃችሁ ይጻፍ።

4. በእጃችሁ ያለውን ስልክ ተጠቀሙበት። ዛላውን ፎቶ አንሱ፣ ስሙንና ጠባዩን በድምፅ ቅዱ።

5. ከሁሉ በፊት ግን እናቶቻችሁን ጠይቁ። ዘር መርጣ የምታስቀምጠው፣ የትኛው እንጀራ እንደማይደርቅ፣ የትኛው እሸት እንደሚጣፍጥ የምታውቀው እሷ ናት።

እኔም ማስታወሻዬን ቀይሬዋለሁ። አሁን «የአካባቢ ዝርያ» ብዬ አልጽፍም፤ ስም እጠይቃለሁ። እስካሁን የመዘገብኩት የማሽላ፣ የጤፍና የገብስ ስም አንድ ደብተር ሊሞላ ነው። «ወተት በጉንጬ» ግን ገና አልተገኘም። ከእናንተ አንዳችሁ ቆላ ላይ ዘመድ ካላችሁ ጠይቁልኝ። አንድ ራስ ቢገኝ እንኳን ይበቃል፤ ከአንድ ራስ ማሳ ይወጣል።

መልካም የመኸር ጊዜ ይሁንላችሁ!