የቦታ ክርክር ፖሊስ ጣቢያ ሲገባ

ስለ ሕግ የምጽፍ በመሆኔ ከሰበታ፣ ከቡራዩና ከሱሉልታ ወረቀት ይዘው ምክር የሚጠይቁኝ ሰዎች አሉ፡፡ አብዛኛውን ጊዜ የሚያሳዩኝ የፍርድ ቤት ሳይሆን የፖሊስ መጥሪያ ነው፡፡ ነገሩ ሲታይ ግን ‹‹ይህ ቦታ የማን ነው?›› የሚል የፍትሐ ብሔር ክርክር ሆኖ ይገኛል፡፡

እነዚህ ከተሞች ከ2015 ዓ.ም. ጀምሮ በሸገር ከተማ ሥር ተጠቃለዋል፡፡ አዲስ አበባ እየሰፋች ስትመጣ በዙሪያዋ ያለው የእርሻ መሬት በደላላ እየተሸነሸነ በመንደር ውል ተላልፏል፡፡ የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40(3) መሬት እንዳይሸጥና እንዳይለወጥ ስለሚከለክል በውሉ ላይ የሚጻፈው ‹‹የቤት ሽያጭ›› ወይም ‹‹ብድር›› ይሆናል፡፡ የቦታው ዋጋ ሲንር ሻጩ፣ ልጆቹ ወይም ሁለተኛ ገዥ ብቅ ይላሉ፡፡ ያን ጊዜ ቀድሞ ፖሊስ ጣቢያ የደረሰው ወገን ‹‹ተበዳይ››፣ የዘገየው ደግሞ ‹‹ተጠርጣሪ›› ይባላል፡፡

ለምን ወንጀሉ ይመረጣል?

ምክንያቱ ግልጽ ነው፡፡ የፍትሐ ብሔር ክስ የዳኝነት ክፍያ ይጠይቃል፣ ዓመታትም ይፈጃል፡፡ የወንጀል አቤቱታ ክፍያ የለውም፤ ማስረጃ የሚያሰባስበውም መርማሪው ነው፡፡ ከሁሉም በላይ እስር ያስፈራል፡፡ የታሰረ ሰው ከመፈታቱ በፊት ‹‹ቦታውን ለቅቄያለሁ›› ብሎ ቢፈርም አያስገርምም፡፡

ይህ ሲባል ወንጀል የለም ማለት አይደለም፡፡ አንዱን ቦታ ደብቆ ለሁለትና ለሦስት ሰው የሸጠ፣ ሐሰተኛ ካርታ ያዘጋጀ ወይም በሌሊት የሰው አጥር ያፈረሰ በወንጀል ሊጠየቅ ይገባል፡፡ በ1997 ዓ.ም. ሥራ ላይ የዋለው የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 692 አታላይነትን ይቀጣል፡፡ ይሁንና ውልን አለመፈጸም ብቻውን ማታለል አይደለም፡፡ መጠየቅ ያለበት ሰውየው ሲዋዋል ሐሰቱን እያወቀ፣ ሌላውን አሳስቶ ለመጠቀም አስቦ ነበር ወይ የሚለው ነው፡፡ ኢትዮጵያ በ1985 ዓ.ም. የተቀበለችው የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ቃል ኪዳንም በአንቀጽ 11 የውል ግዴታውን መወጣት ስላልቻለ ብቻ ማንም እንዳይታሰር ይከለክላል፡፡

የመሬት ሽያጭ ሆኖ የተገኘ ውል ፈራሽ ነው፡፡ ውጤቱም በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1815 መሠረት በተቻለ መጠን ተዋዋዮችን ወደ ነበሩበት መመለስ ነው፡፡ ገዥው ገንዘቡን፣ ገበሬው መሬቱን የሚያስመልስበትን ሒሳብ የሚሠራው ፍርድ ቤት እንጂ ጣቢያ አይደለም፡፡

ምን ማድረግ ይቻላል?

ይዞታው የተነካበት ሰው በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1149 ‹‹ሁከት ይወገድልኝ›› ብሎ መክሰስ ይችላል፡፡ ጊዜው ሁለት ዓመት ብቻ ነው፡፡ ብዙዎች የምርመራ መዝገብ ሲጠብቁ ይህ ጊዜ ያልፍባቸዋል፡፡ ቦታው እንዳይገነባ ወይም እንዳይተላለፍ ደግሞ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 154 የዕግድ ትዕዛዝ መጠየቅ ይቻላል፡፡

የተያዘ ሰው ለጉዞ የሚያስፈልገው ጊዜ ሳይቆጠር በ48 ሰዓት ውስጥ ፍርድ ቤት መቅረብ አለበት፡፡ እዚያም ዋስትናውን ይጠይቅ፤ ውሉን፣ የግብር ደረሰኙንና ያሉትን የይዞታ ማስረጃዎች ለዳኛው ያሳይ፡፡ በኦሮሚያ ፍርድ ቤቶች የሥራ ቋንቋው አፋን ኦሮሞ ስለሆነ ቋንቋውን የማይሰማ ተከሳሽ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 20(7) መሠረት በመንግሥት ወጪ አስተርጓሚ የማግኘት መብት አለው፡፡

በእስር ዛቻ የፈረመም ተስፋ አይቁረጥ፡፡ የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1708 በመብት እጠቀማለሁ ብሎ በማስፈራራት ከልክ ያለፈ ጥቅም የተገኘበት ውል እንዲፈርስ ይፈቅዳል፡፡ ንጹሕ መሆኑን እያወቀ ሰውን የሚወነጅልም በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 447 ይጠየቃል፡፡

በእኔ እምነት ትልቁ ኃላፊነት የዐቃቤ ሕግ ነው፡፡ መዝገቡ ሲደርሰው ‹‹ወንጀሉ የቱ ነው?›› ብሎ በጊዜ ቢጠይቅና መልስ ያጣበትን ቢዘጋ፣ ባለጉዳዮቹ ወደ ትክክለኛው ችሎት ይሄዳሉ፡፡ ያለበለዚያ መሬቱ ማስረጃ ላለው ሳይሆን ጣቢያ ቀድሞ ለደረሰው ይሆናል፡፡ ዛሬ በዚህ መንገድ የረታ ሰውም ነገ በዚያው መንገድ ይረታል፡፡