ብራዶክ (ፔንሲልቬንያ)

ብራዶክ በአሜሪካ ፔንሲልቬንያ ግዛት፣ በአሌጌኒ ካውንቲ፣ በሞኖንጋሂላ ወንዝ ቀኝ ዳርቻ የምትገኝ ትንሽ የብረት ከተማ ናት። ከፒትስበርግ መሀል ከተማ በስተምሥራቅ በኩል 15 ኪሎ ሜትር ገደማ ትርቃለች። የራሷ አስተዳደር ያላት ከተማ የሆነችው በ1867 ነው። በ1920 ቆጠራ 20,879 ነዋሪዎች ነበሯት፤ በ2020 ቆጠራ የተገኙት 1,721 ብቻ ናቸው። በ1875 ሥራ የጀመረው የኤድጋር ቶምሰን የብረት ፋብሪካ ግን እስካሁን ያመርታል። በዚህ መጣጥፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ ጎርጎርዮሳዊው አቆጣጠር ናቸው።

ስያሜ

ከተማዋ የምትጠራው በእንግሊዛዊው ጄኔራል በኤድዋርድ ብራዶክ ስም ነው። ጄኔራሉ እዚህ ቦታ የሚታወቀው በድል አይደለም። ሐምሌ 9 ቀን 1755 ዛሬ ፒትስበርግ ባለችበት ስፍራ የነበረውን የፈረንሳዮች ምሽግ ለመያዝ 1,300 ያህል ወታደሮችን እየመራ ወንዙን ተሻገረ፤ ብዙም ሳይርቅ ከፈረንሳዮችና ከአገሬው ተወላጅ ተዋጊዎች ጋር ገጠመ። ከሰዓታት ውጊያ በኋላ ከሠራዊቱ ከግማሽ በላይ የሚሆነው ሞተ ወይም ቆሰለ። የፈረንሳዮቹ አዛዥ ዳንየል ደ ቦዦም ገና ውጊያው እንደተጀመረ ወደቀ። ብራዶክ ራሱ ቆስሎ ሲያፈገፍግ ከአራት ቀን በኋላ ሞተ። ጠላት አስከሬኑን እንዳያገኘው በሠራዊቱ መንገድ መሀል ተቀብሮ ሠረገሎች በላዩ እንዲያልፉ ተደረገ። በሽሽቱ መሀል ቀሪውን ጦር ለማሰባሰብ ከሞከሩት መኮንኖች አንዱ የሃያ ሦስት ዓመቱ ጆርጅ ዋሽንግተን ነበር።

ቦታው ከዚያ ወዲህ «የብራዶክ ሜዳ» ተባለ። አሸናፊዎቹ ስማቸውን ያልተዉበት ሜዳ በተሸናፊው መጠራቱ ግር ሊያሰኝ ይችላል፤ ስሙን ያወጡት ግን ኋላ የሰፈሩት እንግሊዝኛ ተናጋሪዎች ናቸው። ውጊያው የተካሄደበት መሬት ዛሬ በብራዶክና በጎረቤቷ በሰሜን ብራዶክ መካከል ስለተከፈለ፣ የትኛዋ ከተማ የታሪኩ ባለቤት ናት የሚለው ቁርጥ ያለ መልስ የለውም። በነሐሴ 1794 የውስኪ ግብር የመረራቸው 7,000 ገደማ ሰዎች በዚሁ ሜዳ ተሰልፈው ወደ ፒትስበርግ ዘምተዋል።

መልክዓ ምድር

የብራዶክ የቆዳ ስፋት ወንዙን ጨምሮ 1.7 ካሬ ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ ደረቁ መሬት ወደ 1.5 ይወርዳል። በእግር ከዳር እስከ ዳር ለመሄድ ግማሽ ሰዓት አይፈጅም። ከተማዋ በወንዙና በኮረብታው መካከል የተቀመጠች ቀጭን ሜዳ ናት። ዋናው ጎዳና ብራዶክ አቬኑ ወንዙን ተከትሎ ይዘረጋል። ከጎዳናው በታች የባቡር ሐዲዱና ወንዙ፣ ከጎዳናው በላይ ዳገቱ አለ። ዳገቱን ሲወጡ ሰሜን ብራዶክ ይገባል። በምዕራብ ራንኪን ትዋሰናታለች። በምሥራቅ በኩል ተርትል ክሪክ የሚባለው ወንዝ ከሞኖንጋሂላ ጋር የሚገናኝበት ስፍራ አለ፤ ፋብሪካው የተተከለው በዚሁ አቅራቢያ ነው።

ሞኖንጋሂላ ወደ ሰሜን ፈስሶ ፒትስበርግ ላይ ከአሌጌኒ ወንዝ ጋር በመገጣጠም ኦሃዮን ይፈጥራል። ስሙ ከሌናፔ ሕዝብ ቋንቋ እንደመጣና ዳርቻው የሚናድ እንደማለት እንደሆነ ይነገራል። ዛሬ ግን ወንዝ ከመባል በግድቦች የተደረደረ ረጅም ኩሬ ቢባል ይቀላል። ከብራዶክ በላይ ያለው ውኃ ከባሕር ጠለል በ220 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ተይዟል። የያዘው የከተማዋ ስም የተሰጠው ግድብ ሲሆን፣ ጎኑ ላይ ጀልባ የሚወጣበትና የሚወርድበት የውኃ በር አለው። አሮጌው ግድብ በ2000ዎቹ መጀመሪያ ሲተካ የተሠራበት መንገድ ያልተለመደ ነበር። ወንዙን አድርቀው በመቆፈር ፈንታ መሐንዲሶቹ የግድቡን ታች አካል በሁለት ግዙፍ ክፍት የኮንክሪት ሳጥኖች መልክ ኦሃዮ ወንዝ ዳር ሊትስዴል በተባለች ቦታ ገነቡ። ሳጥኖቹ እንደ መርከብ ተንሳፍፈው፣ በጎታች ጀልባ 40 ኪሎ ሜትር ያህል ሽቅብ ተጎትተው ብራዶክ ደረሱ፤ እዚያም ውኃና ኮንክሪት ተሞልተው በቦታቸው ሰጠሙ።

የአየር ጠባይ

ክረምቱ ቀዝቃዛ፣ በጋው ሞቃትና ወበቃማ ነው።

ፋብሪካው

አንድሩ ካርኔጊና ሸሪኮቹ በ1873 ግንባታውን ሲጀምሩ ቦታውን የመረጡት በምክንያት ነው፤ ወንዙ በአንድ በኩል፣ የፔንሲልቬንያና የባልቲሞር ኦሃዮ የባቡር መስመሮች በሌላ በኩል ነበሩ። ንድፉን የሠራው አሌክሳንደር ሆሊ ነው። ፋብሪካው የተሰየመው በፔንሲልቬንያ የባቡር ኩባንያ ፕሬዚዳንት በጆን ኤድጋር ቶምሰን ሲሆን፣ ኩባንያው ደግሞ ሐዲድ ገዢ ነበር። ደንበኛን በእንዲህ ያለ መንገድ ማክበር ለንግዱ ሳይበጅ አልቀረም። ቶምሰን ግን በስሙ የተጠራው ፋብሪካ ሥራ ሳይጀምር በ1874 ሞተ።

ዛሬ ፋብሪካው ሁለት ማቅለጫ ምድጃዎች አሉት። ኮክ፣ ማለትም ጋዙ ወጥቶለት የጠነከረ የድንጋይ ከሰል፣ ከክሌርተን ከተማ ይመጣል። ከብረት ማዕድኑና ከኖራ ድንጋዩ ጋር ከላይ እየተጨመረ፣ ከታች በሚነፋው ትኩስ አየር ይቀልጣል። ቀልጦ የወጣው ብረት ወደ አረብ ብረት ከተለወጠ በኋላ ስላብ በሚባሉ ወፋፍራም ንጣፎች ይቀዳል፤ እነዚህ በባቡር ተጭነው ወንዙን ተሻግረው ኧርቪን በተባለው ፋብሪካ ወደ ስስ ቆርቆሮ ይዳመጣሉ። በፒትስበርግ አካባቢ ማዕድን ከማቅለጥ ጀምሮ ብረት የሚሠራው የቀረው ፋብሪካ ይህ ብቻ ነው። ከወንዙ ማዶ በዌስት ሚፍሊን ያለው ኬኒዉድ የመዝናኛ ፓርክ ከ1898 ጀምሮ ክፍት ስለሆነ፣ ከአንድ መቶ ዓመት በላይ የልጆች መጫወቻ ባቡር ቁልቁል ሲወረወር ፊት ለፊት የሚታየው የዚህ ፋብሪካ ጭስ ነው። ፋብሪካው ከ1901 ጀምሮ የዩናይትድ ስቴትስ ስቲል ንብረት ሲሆን፣ ይህ ኩባንያ በሰኔ 2025 በጃፓኑ ኒፖን ስቲል ተጠቅልሏል።

ሕዝብ

ከቆጠራ ወደ ቆጠራ ያለው ጉዞ እንዲህ ነው። በ1870 የከተማዋ ሕዝብ 1,290 ነበር። በ1880 3,310፣ በ1890 8,561፣ በ1900 15,654 ሆነ፤ በ1920 ጣሪያው ላይ ደረሰ። በዚያ ዓመት በአንድ ካሬ ኪሎ ሜትር ከ14,000 ሰው በላይ ይኖር ነበር፤ ፋብሪካው ከያዘው መሬት ውጪ ያለው ብቻ ቢቆጠር ጥበቱ ከዚህም ይብሳል። መጀመሪያ የመጡት አይሪሾች፣ ዌልሾችና ጀርመኖች፣ ቀጥለውም ስሎቫኮች፣ ሀንጋሪዎች፣ ክሮአቶችና ፖላንዶች ናቸው፤ ከአንደኛው የዓለም ጦርነት ወዲህ ከደቡብ ግዛቶች የተሰደዱ ጥቁር አሜሪካውያን በብዛት ተጨመሩ። ፋብሪካው በሁለት የ12 ሰዓት ፈረቃ ይሠራ ስለነበር፣ በተከራዮች በተሞሉት ቤቶች የሌሊቱ ተረኛ ሲመለስ የቀኑ ተረኛ ወጥቶ የተወውን አልጋ ገና ሳይበርድ ይተኛበት ነበር። በከተማዋ የተወለደው የስሎቫክ ስደተኞች ልጅ ቶማስ ቤል በ1941 ባሳተመው ልቦለድ የዚህን ሕዝብ ሦስት ትውልድ ኑሮ ተርኳል።

ከዚያ በኋላ ያለው ቁልቁለት ነው፤ 1950፦ 16,488፤ 1960፦ 12,337፤ 1970፦ 8,795፤ 1980፦ 5,634፤ 2000፦ 2,912፤ 2010፦ 2,159። ብዙ ጸሐፊዎች ብራዶክን በ1980ዎቹ በደረሰው የብረት ኢንዱስትሪ ውድቀት የፈረሰች ከተማ አድርገው ያቀርቧታል። ቁጥሮቹ ግን ከዚህ አባባል ጋር በሙሉ አይስማሙም። ከጣሪያው ላይ ከነበረው ሕዝብ 73 በመቶው ከ1980 በፊት ሄዷል፤ ፋብሪካውም አልተዘጋም። መኪና የገዛው ሠራተኛ ግቢ ያለው ቤት ፍለጋ ወደ ኮረብቶቹ ወጣ፤ ሱቆቹም ተከተሉት። ቤት እንዳይከራዩና እንዳይገዙ በየአዲሱ ሰፈር የተከለከሉት ጥቁሮች ከታች ቀሩ፤ በ2000 ቆጠራ ከነዋሪው ሁለት ሦስተኛው ጥቁር አሜሪካዊ ነበር። የ1980ዎቹ ውድቀት የመታው አስቀድሞ የሳሳውን ነው። ግዛቱ ከተማዋን በ1988 በገንዘብ ችግር ውስጥ ካሉ አስተዳደሮች መዝገብ አስገብቷታል። ዛሬ ነዋሪው በሙሉ ቢሰበሰብ ለአንድ የአዲስ አበባ ወረዳ እንኳ የሚበቃ አይደለም።

የመጀመሪያው የካርኔጊ ቤተ መጻሕፍት የትኛው ነው?

ብራዶክን በታሪክ መጻሕፍት ውስጥ ያስገባት ከፋብሪካው ይልቅ አንድ ሕንፃ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም። ካርኔጊ በዓለም ዙሪያ ካሠራቸው ከ2,500 በላይ ቤተ መጻሕፍት በአሜሪካ ምድር የመጀመሪያው እዚህ መጋቢት 30 ቀን 1889 ተመርቋል። ይህን የሚቃወሙ አሉ። በዓለም የመጀመሪያው በተወለደባት በስኮትላንድ ደንፈርምሊን በ1883 የተከፈተው መሆኑ አያከራክርም። ክርክሩ የሚነሣው በአሜሪካ ላይ ሲሆን፣ ተፎካካሪዋ ዛሬ የፒትስበርግ ክፍል የሆነችው አሌጌኒ ከተማ ናት። ካርኔጊ ለአሌጌኒ ቃል የገባው በ1886 ነው፤ ሕንፃው የተከፈተው ግን በ1890 ነው። አሌጌኒ ከቃሉ፣ ብራዶክ ከምርቃቱ ይቆጥራሉ። በዚህ መጣጥፍ አስተያየት ቤተ መጻሕፍት የሚቆጠረው በሩ ሲከፈት ነው። ሁለቱ ግን በአንድ ነገር ይለያያሉ፤ የአሌጌኒው በከተማው በጀት የሚተዳደር የሕዝብ ተቋም ሲሆን፣ የብራዶኩ ወጪ የተሸፈነው በካርኔጊ ነበር፤ የታሰበውም ለፋብሪካው ሠራተኞች ነው።

ጊዜውም ልብ ሊባል ይገባል። በ1888 ኩባንያው ማኅበር ያላቸውን ሠራተኞች በር ዘግቶባቸው፣ ከወራት በኋላ ሲመለሱ የ8 ሰዓቱ ፈረቃ ወደ 12 ተመልሶ ነበር። ቤተ መጻሕፍቱ የተመረቀው ዓመት ሳይሞላ ነው። በሳምንት ሰባት ቀን 12 ሰዓት የሚሠራ ሰው መቼ ያነባል የሚለውን ጥያቄ የዘመኑ ሠራተኞችም አንስተዋል።

ንድፉ የዊልያም ሃልዚ ዉድ ነው። በምድር ቤቱ የመታጠቢያ ክፍሎች ነበሩት፤ ከፈረቃ የወጣው ሠራተኛ ጥላሸቱን አጥቦ ወደ ንባብ እንዲወጣ ነው። በ1893 በተጨመረው ክፍል ውስጥ 964 መቀመጫ ያለው የሙዚቃ አዳራሽ፣ ጂምናዚየምና የመዋኛ ገንዳ ገባ። ቤተ መጻሕፍቱ በ1974 ተዘግቶ ሊፈርስ ሲል የመጨረሻው ኃላፊው ከመፍረስ አዳነው፤ በ1980ዎቹም በከፊል ተከፈተ። በ2012 ብሔራዊ ታሪካዊ ቅርስ ሆኖ ተመዘገበ። በቤተ መጻሕፍቱ ካርድ ከመጽሐፍ ሌላ ሥዕል መዋስም ይቻላል፤ ነዋሪው ሥዕሉን ቤቱ ግድግዳ ላይ ሰቅሎ ቆይቶ ይመልሳል።

ጤናና ትምህርት

ከ1906 ጀምሮ የነበረው የከተማዋ ሆስፒታል በጥር 2010 ተዘግቶ ሕንፃው ፈርሷል። ልጆቹ በዉድላንድ ሂልስ የትምህርት ወረዳ ሥር ይማራሉ።

አስተዳደር

ከተማዋን ከ2006 እስከ 2019 የመሯት ከንቲባ ጆን ፌተርማን ኋላ የፔንሲልቬንያ ምክትል አገረ ገዥ፣ ከ2023 ጀምሮም የግዛቱ ሴናተር ሆነዋል። የከተማዋን የፖስታ ቁጥር 15104ን ክንዳቸው ላይ ተነቅሰውታል፤ በሌላው ክንዳቸው በከንቲባነት ዘመናቸው በከተማዋ ሰው የተገደለባቸው ቀናት አሉ።