ማሰሪያ የተባለው የግድግዳ ሥራ

የዘመኑ ሠዓሊዎች የሰውን ከሰው መተሳሰርና ወገንነትን እንዴት እንደሚገልጡ ለማስረዳት፥ ለእኛ የሚቀርበው ምሳሌ በዋሽንግተን ከተማ በኢትዮጵያ ኤምባሲ የሚገኘው ሥራ ነው። ይህንን በ2001 (ዘመኑ ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር ነው) የሠሩት ሠዓሊ እስክንድር ቦጎስያንና ሠዓሊት ከበደች ተክለ አብ ናቸው። ስሙም ኔክሰስ ይባላል፤ ከላቲን የተገኘ ቃል ሲሆን ትርጓሜው ማሰሪያ ማለት ነው።

እስክንድር በ1937 በአዲስ አበባ ተወለዱ፤ በአባታቸው በኩል የአርመን ትውልድ አላቸው። በ1955 ለትምህርት ወደ ለንደን ተልከው፥ ከዚያም ብዙ ዓመት በፓሪስ ተቀመጡ። በ1966 ተመልሰው እስከ 1969 በአዲስ አበባ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ካስተማሩ በኋላ፥ ቀሪ ዕድሜያቸውን በአሜሪካ አሳለፉ።

እንዲህ በባዕድ ሀገር የኖረ ሰው ብሩሹም ባዕድ ይሆናል የሚሉ አይጠፉም። እኔ ግን አልቀበለውም። የእስክንድር ሥዕል ከሥሩ ሲመረመር የሚገኘው የደብተራው ክታብ ነውና። ክታብ ለአንድ ለታወቀ ሰው የሚጻፍ ነው፤ የክርስትና ስሙ ይገባበታል፥ ብዙ ጊዜም የብራናው ርዝመት በሰውየው ቁመት ይለካል፤ ዓይናቸውን ያፈጠጡ መላእክትም ከበሽታና ከክፉ መንፈስ ይጠብቁታል። ባለቤቱ ሲታመም ይዘረጋል፥ ሲድን ይጠቀለላል። እንግዲህ ክታብ የአንድ ሰው ብቻ ጠባቂ ነው። እስክንድር ዓይኖቹንና ሐረጉን ከዚህ ወስደው ለብዙ ሰው አደረጉት።

በኤምባሲው የግራናይት ግድግዳ ላይ የተሰካው ሥራ ከአሉሚኒየም የተሠራ ሲሆን፥ ቁመቱ 365 ርዝመቱም 1585 ሳንቲ ሜትር ነው። የክርስትና፥ የአይሁድ፥ የእስልምናና የሌሎችም ነባር እምነቶች ምልክቶች ከሙዚቃ መሣሪያ፥ ከሥራ ዕቃ፥ ከዕፅዋትና ከእንስሳት ቅርጽ ጋር ተሰካክተው ይታያሉ። ብረቱ የብራናን ሙቀት እንደማይሰጥ አይካድም። ነገር ግን በዚህ ላይ የማንም ስም አልተጻፈም፤ ስለዚህ ቁመቱ በአንድ ሰው አልተለካም።

ሥራውን አብረው የሠሩት ከበደች፥ በሶማሊያ እስር ቤት አሥር ዓመት ያህል ታስረው የወጡ ናቸው። ሀገር በሚወከልበት ግድግዳ ላይ ማን እንዲቈጠር የወሰኑት እንግዲህ አንድ ስደተኛና አንዲት የእስር ቤትን ኑሮ ያወቁ ሴት መሆናቸው ልብ ሊባል ይገባዋል።

እስክንድር ሥራው ከተፈጸመ ከሁለት ዓመት በኋላ በ2003 እዚያው በዋሽንግተን ዐረፉ።