ዙሪያ ጥምጥም

ከአዲስ አበባ ወደ ሸዋ ሮቢት ስትሄዱ፣ ደብረ ብርሃንን ካለፋችሁ በኋላ ጣርማ በር ላይ ዋሻ ታገኛላችሁ። ጣሊያን በወረራው ዘመን ተራራውን ፈልፍሎ ያወጣው፣ ከግማሽ ኪሎ ሜትር የሚበልጥ ዋሻ ነው። በወዲህ በኩል ብርድና ጉም፤ በወዲያ በኩል ስትወጡ ደግሞ መሬቱ ከእግራችሁ ሥር ይከዳችኋል። ከ3,000 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ቆማችሁ የይፋትን ቆላ ቁልቁል ታዩታላችሁ። ከዚያ መንገዱ መጠምዘዝ ይጀምራል። ቆላው አንዴ በቀኝ፣ አንዴ በግራ ብቅ ይላል፤ ደግሞ ይጠፋል። ልጅ ሆኜ ሾፌሩ መንገድ የጠፋበት ይመስለኝ ነበር። "ወደ ኋላ እየተመለስን እኮ ነው" እያልኩ እናቴን ስጨቀጭቃት "ዝም ብለህ ቁጭ በል፤ መንገዱ አንድ ነው" ትለኝ ነበር።

ባለፈው ዓመት በዚሁ መንገድ ስወርድ ሥራ አልነበረኝም። ኢንጂነሪንግ ተምሬ የሶፍትዌር ሥራ የያዝኩ ሰው ነኝ። በአንድ አነስተኛ ድርጅት ውስጥ ለአራት ዓመት ያህል የለፋንበት ሲስተም ተጠቃሚ ሳያገኝ ቀረ፣ ገንዘቡ አለቀ፣ ተበተንን። ከክፍል ጓደኞቼ ግማሾቹ ውጭ አገር ናቸው። እኔ ሃያ ስምንት ዓመቴ ላይ አንድ ሻንጣና አንድ ላፕቶፕ ይዤ እናቴ ቤት ገባሁ። "ከቤት ሆኜ ነው የምሠራው" አልኳት። በየጠዋቱ ላፕቶፑን ከፍቼ እቀመጥ ነበር። ሦስት ሳምንት ሙሉ።

በኛ ሙያ መንገድ መፈለግ የታወቀ ጥያቄ ነው። ኔዘርላንዳዊው ዳይክስትራ እ.ኤ.አ. በ1959 አጭሩን መንገድ የሚያገኝ ስልት አሳትሟል፤ ስልካችን ላይ ያለው ካርታ ዛሬም በዚያ ሐሳብና በልጅ ልጆቹ ነው የሚሠራው። ስልቱ የሚፈልገው ግን ቀድሞ የታወቀ ካርታ ነው። የትኛው መንገድ ከየትኛው እንደሚገናኝ፣ ስንት ኪሎ ሜትር እንደሆነ መሞላት አለበት። ያንን ሞልቶ የሚሰጠኝ ሰው አልነበረም። ስለዚህ በነዚያ ሦስት ሳምንታት ሥራ እየመሰልኩ የማነበው ካርታ ስለሌላቸው መንገዶች ሆነ፤ ፈረንጆቹ ላቢሪንት ስለሚሉት ነገር።

በአማርኛ ቁርጥ ያለ ስም አላገኘሁለትም። "ዙሪያ ጥምጥም" እንላለን፤ እሱም አብዛኛውን ጊዜ ለወሬ ነው፣ "ዙሪያ ጥምጥም አትሂድብኝ" ስንል። በብራና ሥራችን ውስጥ የሚቀርበው "መርበብተ ሰሎሞን" ይመስለኛል። በባለቤቱ ቁመት ልክ በተቆረጠ ክታብ ላይ የሚጻፍ ጸሎት ነው፤ ሰሎሞን አጋንንትን በስም ኃይል እንደ ዓሣ በመረብ የሚይዝበት። እዚያ ላይ የሚጠፋው ሰውየው ሳይሆን ጋኔኑ ነው። ደስ ይላል፤ ለኔ ግን ያን ጊዜ አልሠራም፤ የጠፋሁት እኔ ነበርኩ።

ላቢሪንት ሁለት ዓይነት ነው። አንደኛው መንታ መንገድ የለውም። ይጠማዘዛል እንጂ አይከፈልም፤ መሄድ ካላቋረጣችሁ መሐሉ መድረሳችሁ አይቀርም። ሁለተኛው መንገዱ የሚከፋፈል፣ ዝግ ጫፍ ያለው፣ እውነትም ሰው የሚጠፋበት ነው። ሁለቱ ድሮም ይምታታሉ። በግሪኮች ተረት ቴሴዎስ ክኖሶስ ላይ ሚኖታውርን ሊገድል ሲገባ እንዳይጠፋ አሪያድኔ ክር ትሰጠዋለች። በጥንታዊት ክኖሶስ ሳንቲሞች ላይ ግን ላቢሪንቱ ብዙ ጊዜ መንታ የሌለው፣ አንድ መንገድ ብቻ ሆኖ ነው የተቀረጸው። እንዲህ ከሆነ ክሩ ለምን አስፈለገ?

ሰዎች ለመንፈሳዊ ነገር የመረጡት የመጀመሪያውን ዓይነት ነው። በፈረንሳይ የሻርትር ካቴድራል ወለል ላይ በ13ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ገደማ የተነጠፈ ላቢሪንት አለ። ከዳር እስከ ዳር 13 ሜትር ገደማ ነው፤ መንገዱ ቢዘረጋ ግን 260 ሜትር ገደማ ይሆናል። ቀጥ ብሎ ቢገባ ሰባት ሜትር የማይሞላውን፣ አማኙ ወደ መሐሉ እየቀረበ፣ መልሶ እየራቀ ይጓዘዋል። ነገሩ ገብቶኛል፤ የጣርማ በር ቁልቁለት ማለት ነው።

ሻርትር ሲገነባ በኛ አገር ንጉሥ ላሊበላ ነበር የነገሠው። ዩኒቨርሲቲ ሳለሁ አንድ ዓመት ለገና ላሊበላ ሄጄ፣ ከቤተ ገብርኤል ወሩፋኤል ወደ ቤተ መርቆሬዎስ በሚወስደው ዋሻ አልፌአለሁ። ድቅድቅ ጨለማ ነው። የሲኦል ምሳሌ ነው ይላሉ፤ መብራት ሳታበሩ ልታልፉት ይገባል። ከፊታችን የነበረ ዲያቆን "እጃችሁን ከግድግዳው አታንሱ፤ ሌላ ምንም አያስፈልግም" አለን። አንዲት አሮጊት ከኋላዬ ነጠላዬን ጨብጠው ያዙ። ሲኦል ያልኩት ነገር ለካ አጭር ነበር፤ ብርሃኑ ቶሎ መጣ። ያን ቀን "ሕይወት እንዲህ ናት" ብዬ ተጽናንቼ ወጣሁ።

ሸዋ ሮቢት ተቀምጬ ሳስበው ግን ማጽናኛው አላጠገበኝም። ዲያቆኑ ዋሻው መውጫ እንዳለው ያውቅ ነበር። እናቴም መንገዱ አንድ መሆኑን ታውቅ ነበር። እኔስ በየትኛው ዓይነት ውስጥ እንዳለሁ በምን አውቃለሁ? እጅን ግድግዳ ላይ አድርጎ መሄድ በኛም ሙያ የታወቀ ስልት ነው፤ ግን የምትፈልጉት ቦታ ከውጭው ግድግዳ ጋር ባልተያያዘ ግድግዳ ከተከበበ፣ ዕድሜያችሁን ስትዞሩ ትኖራላችሁ እንጂ አትደርሱም።

በዚህ መሐል ነው ኖራ የሄድኩት። ኖራ በይፋት ተዳፋት ላይ ያለች፣ ከሸዋ ሮቢት ብዙም የማትርቅ የፈረሰች ከተማ ናት። የፈረንሳይና የኢትዮጵያ አርኪዮሎጂስቶች በዚህ አካባቢ ኖራን፣ አስበሪን፣ መሰልን የመሳሰሉ የመካከለኛው ዘመን የሙስሊም ከተሞችን አጥንተዋል። እኛ ትምህርት ቤት ሳለን ስማቸውን አልሰማንም፤ አፍንጫችን ሥር ሆነው። ፀሐዩ ሳይበረታ ወጣሁ፤ ሮቢት ከረፈደ አይቻልም። መስጊዱ ጣሪያ የለውም፤ ግድግዳውና ሚሕራቡ ግን ቆመዋል። ከዚያ ወዲያ ድንጋይ በድንጋይ ላይ የተካቡ የቤት ግድግዳዎች፣ በመካከላቸው ጠባብ መተላለፊያዎች፣ በላያቸው ግራርና ቁልቋል። አንዱን መተላለፊያ ይዤ ገባሁ፤ ፍራሽ ዘጋው። ተመለስኩ። ሌላውን ያዝኩ፤ ሰው ቤት ውስጥ ከተተኝ። ፍየል የሚጠብቅ ልጅ ግድግዳ ላይ ተቀምጦ ሲያየኝ ቆይቶ "በዚያ አያስወጣም፤ እኔም ሞክሬዋለሁ" አለኝ።

የኖራ ሰዎችስ ወዴት ወጡ? የይፋት ታሪክ ራሱ ዙሪያ ጥምጥም ነው። የወላስማ ሥርወ መንግሥት እ.ኤ.አ. በ1285 የሸዋን ሱልጣኔት አስገብሮ በዚህ ምድር ገነነ። በግብፅ የነበረው አል-ዑመሪ በ14ኛው ክፍለ ዘመን ስለ ይፋት ሲጽፍ ስፋቱን በጉዞ ይለካዋል፤ 20 ቀን በ15 ቀን። ከዚያ እ.ኤ.አ. በ1332 ሱልጣን ሰብረዲን ከዐፄ ዓምደ ጽዮን ጋር ገጥሞ ተሸነፈ። ወላስማዎች ለነገሥታቱ እየገበሩ ቆዩ። በክፍለ ዘመኑ ሁለተኛ አጋማሽ ሐቀዲን የዘመዶቹን መንበር ትቶ አመፀ፤ በጦርነት ሞተ። ወንድሙ ሰዓደዲን ቀጠለ፤ ወደ ምሥራቅ እየተገፋ ሄዶ በ15ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ዘይላ ላይ ተገደለ። ከዘይላ ፊት ለፊት ያሉት ደሴቶች እስካሁን በስሙ ይጠራሉ። ልጆቹ ባሕር ተሻግረው የመን ገቡ።

እዚህ ላይ ብታቆሙት ዝግ ጫፍ ነው። ግን ልጆቹ ከየመን ተመለሱ፤ በአባታቸው ስም በተጠራ ምድር ላይ አዳል የምንለውን መንግሥት አቆሙ። መቀመጫቸው ደከር ሆነ፤ እ.ኤ.አ. በ1520 ደግሞ ከዚሁ ዘር የሆነው ሱልጣን አቡበክር መናገሻውን ወደ ሐረር አዛወረ። በዚያው ክፍለ ዘመን አሚር ኑር ግንቡን ሠራ። ዛሬ ጀጎል ውስጥ 368 መተላለፊያ እንዳለ ይነገራል፤ ዩኔስኮ በ2006 እ.ኤ.አ. መዝግቦታል። አንድ ጊዜ ለሥራ ሄጄ ጠፍቼበታለሁ። ሰው የሚኖርበት ጠባብ መንገድ ግን ከኖራው ይለያል፤ በጠፋችሁ ቁጥር አንድ በር ይከፈትና "ወዴት ነው?" የሚል ሰው ይወጣል።

እንግዲህ "ከይፋት መባረራቸው ወደ ሐረር መሄጃ መንገድ ነበር" ብዬ ልደመድም ምንም አልቀረኝም ነበር። ያማረ ታሪክ ይወጣዋል። ግን ኖራ አለች። ፍራሹ ላይ ቆሜ ያንን ማለት አልቻልኩም። በየጦርነቱ የሞቱትና ቤታቸው የቀረው ሰዎች ሐረርን አላዩም። ሁሉም መጠምዘዣ ወደ መሐል ያደርሳል የሚለው፣ መሐል የደረሰ ሰው ወደ ኋላ ዞሮ የሚናገረው ነገር ነው። ዝግ ጫፍ አለ።

ታዲያ ዝግ ጫፍ ባለበት ላቢሪንት ምን ይደረጋል? ፈረንሳዊው የሒሳብ ሰው ኤድዋር ሉካስ እ.ኤ.አ. በ1882 ባሳተመው መጽሐፍ ትሬሞ የሚባል ኢንጂነር ያገኘውን ስልት ጽፏል። ካርታ አይፈልግም። በየመንገዱ ስታልፉ ምልክት ታደርጋላችሁ። መስቀለኛ ላይ ያልተረገጠ መንገድ ካለ ትሞክሩታላችሁ። ከተዘጋ ተመልሳችሁ ትወጣላችሁ፤ ያ መንገድ ሁለት ምልክት ኖረው ማለት ነው፤ ሁለት ምልክት ያለበትን ዳግም አትገቡበትም። እንዲህ ስታደርጉ መውጫ ካለ ታገኙታላችሁ። ስትደርሱ ደግሞ አንድ ምልክት ብቻ ያላቸው መንገዶች ከመነሻ እስከ መድረሻ ያለውን መንገድ ያሳያሉ። ኮዱን ተማሪ ሳለሁ ጽፌዋለሁ፤ ሃያ መስመር አይሞላም። ያኔ ያላስተዋልኩት፣ በዚህ ስልት ዝግ ጫፍ መግባት ስሕተት አለመሆኑን ነው። ስሕተቱ ምልክት ሳያደርጉ መመለስ ነው። ያን ያደረገ ሰው እዚያው ዝግ መንገድ ውስጥ ደጋግሞ ይገባል።

የወላስማዎችን ጉዞ ዛሬ እንዴት አወቅነው? ይፋት ውስጥ በመቃብራቸው ላይ በዐረብኛ የተቀረጹ ድንጋዮች አሉ። ከዚያ በተጨማሪ አል-መቅሪዚ የተባለው ግብፃዊ የታሪክ ጸሐፊ በ1430ዎቹ እ.ኤ.አ. መካ ሳለ፣ ከዚህ አገር ከሄዱ ሰዎች የሰማውን ስለ ሐበሻ ሙስሊም ነገሥታት ጽፎ አስቀረልን። እነዚያ ሰዎች የነገሩት ድሉን ብቻ አይደለም። ማን የት እንደተሸነፈ፣ ማን የት እንደሞተ፣ ማን ባሕር እንደተሻገረ ተናገሩ። ሁለት ምልክት ያለበትን መንገድም አስመዘገቡ። ታሪክ የሚባለው ነገር ቢያንስ ይህ ነው፤ "በዚያ አያስወጣም፤ ሞክረነዋል" የሚል ድምፅ። ፍየል ጠባቂው ልጅም ያደረገልኝ ይኸንኑ ነው።

እኔ ግን ሦስት ሳምንት ሙሉ ምልክቴን ስደብቅ ነበር።

ከኖራ ስመለስ መሽቷል። እናቴ በረንዳ ላይ ሽንኩርት ትመርጣለች፤ የበሰበሰውን ለብቻ፣ ደህናውን ለብቻ። አጠገቧ ተቀመጥኩና ሁሉንም ነገርኳት። ድርጅቱ እንደተዘጋ፣ አራት ዓመት የሠራነውን ማንም እንዳልተጠቀመበት፣ ከቤት ሆኜ የምሠራው ምንም ሥራ እንደሌለ።

እጇን ከሽንኩርቱ አላነሳችም። "አውቄአለሁ እኮ" አለችኝ። "ሥራ ያለው ሰው ስልኩ ይጮሃል። ያንተ ሦስት ሳምንት አልጮኸም።"

"ታዲያ ለምን አልጠየቅሽኝም?"

"አንተ ነሃ የሄድክበት። እኔ ምኑን አውቄው እጠይቃለሁ?" አለችና ባዶውን ማዳበሪያ ወደኔ ገፋችው። "በል ደህናውን ክተት። ነገ ጠዋት ገበያ እንወስደዋለን።"

በዚያ ሌሊት ላፕቶፔን ለእውነት ከፈትኩ። ያ ሲስተም ለምን እንዳልሠራ፣ የቱ ጋ እንደተሳሳትን፣ የቱን ውሳኔ ዳግም እንደማልወስን ከመጀመሪያው ቀን ጀምሬ ጻፍኩ። አሥራ አንድ ገጽ ሆነ። አሁን ሌላ ቦታ እሠራለሁ፤ ይህ መሐል ይሁን ሌላ መጠምዘዣ አላውቅም። ያችን አሥራ አንድ ገጽ ግን አዲስ ሰው ሲቀጠር አስነብበዋለሁ።